የአኩሪ አተር ነው

ወጡ የሚፈጀው ሰባት ደቂቃ ነው። ዘይቱ ሲግል ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል፣ ከዚያ ከባቄላና ከቀይ በርበሬ የተብላላ ድልህ፣ አንድ ሲኒ ውሃ፣ ከአኩሪ አተር የረጋ ቶፉ፣ በመጨረሻ ምላስ የሚያደነዝዘው የቻይና ቁንዶ በርበሬ። ቅቤ የለውም፣ ሥጋ የለውም፣ የጾም ነው። እናቴ በመጨረሻው ሁዳዴዋ አፏ የተቀበለው ምግብ እሱ ብቻ ነበር። ያስለመድኳት እኔ ነኝ፤ ያስጣልኳትም እኔው ነኝ።

እዚህ ሱሉልታ፣ አንድ ፋብሪካ ውስጥ፣ ቻይናዎቹ የሚበሉበት ወጥ ቤት ስድስት ዓመት ሠርቻለሁ። ሥራዬ መላጥ፣ መክተፍና ማጠብ ነበር። ዋናው አብሳይ አጭር፣ ቁጡ ሰውዬ ነበር፤ ከአማርኛ የሚያውቀው «ቶሎ»ን፣ «እሳት»ንና «ተይ»ን ነው። በሦስቱ ቃላት ሙያ አስተማረኝ። ቶፉን እኛ ሠራተኞቹ «የቻይና አይብ» እንለው ነበር። አኩሪ አተሩ ሲዘፈዘፍ፣ ሲፈጭና ሲጠለል በዓይናቸው ያዩ ሴቶች ጾም ሲገባ አይነኩትም። «አተር እኮ ነው» ስላቸው «ታዲያ ለምን አይብ ተባለ?» ይሉኛል። ስሙን ያወጡት ራሳቸው ናቸው! በጣም እስቅባቸው ነበር።

ፋብሪካው ሥራ አቁሞ ሲያሰናብተን አብሳዩ አንድ ብልቃጥ ድልህና አንድ ከረጢት ቁንዶ በርበሬ እጄ ላይ አስቀምጦ «ተይ» አለኝ። ደህና ሁኚ ማለቱ መሰለኝ።

እናቴ የጫንጮ ሴት ናት። ዕድሜዋን ሙሉ ቅቤና አይብ ሸጣለች። በሁዳዴም ላሞቹ አይጾሙምና ወተቱ ይናጣል፣ አሬራው ይጣዳል፤ እሷ ግን ጣቷን አትልስም። አይቡ ደህና መሆኑን የምታውቀው በማሽተት ነበር። ልጅ ሆኜ «ቅመሺልኝ» ብላኝ አታውቅም፤ ሰሃኑን ወደ አፍንጫዋ ጠጋ ታደርግና «ይሄ የትናንት ነው፣ ይሄ የዛሬ ነው» ትላለች። ስትስት አይቻት አላውቅም።

ሆዷ ውስጥ እብጠት ተገኝቶ ወደ ተከራየሁት ቤት ሳመጣት ጾሙ ሊገባ ሳምንት ቀርቶት ነበር። ሐኪሙ እብጠቱን እንደማይነካው ነገረኝና «ወተት፣ እንቁላል፣ ሥጋ ስጫት። ካልበላች ከበሽታው ቀድሞ ረኃቡ ይወስዳታል» አለኝ። ጾሙ ሲገባ አሻፈረኝ አለች። የንስሐ አባቷ መጡ፤ «እማማ፣ ለታመመ ሰው ተፈቅዷል፣ እኔ ፈትቼዎታለሁ» አሏት። «አባቴ፣ እርስዎ ቢፈቱኝም እኔ ራሴን አልፈታሁም» ብላ መስቀላቸውን ተሳለመች።

እኔ ደግሞ ቁጡ ነኝ፣ በእሷ ወጥቼ። ካህኑ እንደወጡ «አንቺን በሽታው አይደለም የሚገድልሽ፣ ግትርነትሽ ነው» አልኳት። አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም። እሷ ግን አልተቀየመችም፣ ፈገግ አለች።

አጥሚት ሠራሁ፣ ሱፍ ፍትፍት ሠራሁ፣ ተልባ በጠበጥኩ። ሁሉንም ቀምሳ ትመልሰዋለች። «አመድ አመድ ይለኛል» ነው መልሷ። የእጇ አጥንት ሲወጣ እያየሁ አንድ ጠዋት ብልቃጡ ትዝ አለኝ።

አኩሪ አተሩን ዘፍዝፌ አሳደርኩ፤ በኤሌክትሪክ መፍጫው ፈጭቼ በአሮጌ ነጠላ ጠለልኩና አፈላሁት። የሎሚ ጭማቂ ጠብ ሳደርግበት ነጩ ከቢጫው ውሃ ተለየ። ዓይኔ እያየ ቁርጥ አይብና አጓት ሆነ! ደነገጥኩና የወጥ ቤቱን በር ዘጋሁ። በነጠላው ቋጥሬ ድንጋይ ጫንኩበት። ጥርስ ስለሌላት ወጡ ውስጥ በሹካ ፈረካከስኩት።

ሳቀርብላት ቀድሞ የደረሳት የድልሁ ሽታ ነው። «ስልጆ ነው እንዴ?» አለች።

«የስልጆ ዘመድ ነው፣ ባቄላ ነው። ነጩ የአኩሪ አተር ነው።»

አንድ ማንኪያ ጎረሰች። ዓይኗ እንባ አቀረረ። «ምላሴ ተኛ» አለች፣ ቀጥላም «ግን ጣዕም አለው» አለች። ሰሃኑን በዳቦ ጠርጋ ጨረሰችው። ወጥ ቤት ገብቼ በደስታ አለቀስኩ። እንዲህ የሚያቃጥል ነገር ለታማሚ መስጠቴን ሐኪሙ ቢሰማ ይቆጣኝ እንደነበር አውቃለሁ። ይቆጣ።

ሁለት ሳምንት በላች። ድምጿ ተመለሰ። ደጃፉ ላይ ፀሐይ እየሞቀች አላፊ አግዳሚውን በኦሮምኛ ሰላም ትላለች። ልምምድ ላይ ያሉ ሯጮች ሲያልፉ «ይህን ሁሉ ሮጠው ተመልሰው እዚሁ አይደል የሚመጡት?» እያለች ትተርባቸዋለች። ረፋድ ላይ ራሷ «ያቺን የምታቃጥለዋን ሥሪልኝ» ማለት ጀመረች። እናቴ ምግብ ስትጠይቅ ከሰማሁ ስንት ጊዜዬ!

ከዚያ መብራት ጠፋ። የዘፈዘፍኩት አኩሪ አተር ሁለት ቀን ቆይቶ ኮመጠጠና ደፋሁት። በሦስተኛው ቀን «ያቺ የምታቃጥለዋ ቀረች?» አለችኝ። ሌላ አኩሪ አተር ነበረኝ፤ ቶሎ ይለስልስ ብዬ በፈላ ውሃ ዘፍዝፌው ነበር። ሙቀጫም ነበረኝ። ይህን መደበቅ አልፈልግም። ሁለት ሰዓት ብወቅጥ ይደርስ ነበር። ግን ደክሞኛል፣ ተሰላችቻለሁ፣ ደግሞም «ወተት ስጫት» የሚለው የሐኪሙ ቃል ከልቤ አልወጣም። በርበሬው እንደሆነ ምላሷን ያደነዝዘዋል፣ በምን ታውቃለች አልኩ።

ጎረቤቴ ከብት የምታረባ ሙስሊም ሴት ናት። አጥሩ ጋ ስታየኝ «አካም ቡልቴ? እናትሽስ?» አለች።

«ናጋ፣ ደህና ናት። ትንሽ አይብ ትሰጪኛለሽ?»

«ሁዳዴ አይደለም እንዴ?»

«ለእኔ ነው። እኔ አልጾምም።»

ሸፍና ሰጠችኝ። እንደ ቶፉው በነጠላ ጨምቄ ውሃውን አወጣሁ። ከሰል ላይ ጥጄ ድልሁን እጥፍ፣ ቁንዶ በርበሬውን እጥፍ አደረግሁ። ወጡ እሳት የመሰለ ቀይ ሆነ። ሰሃኑን ስታቅፍ ማንኪያውን ወዲያው አላነሳችም።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«የአኩሪ አተር ነው፣ እማዬ። ያው የምትወጂው።»

ዓይን ዓይኔን አየችኝና ጎረሰች። ቆየት ብላ ሁለተኛ፣ አሁንም ቆየት ብላ ሦስተኛ። ከዚያ ማንኪያውን አስቀምጣ «ይበቃኛል» አለች። እኔ ግን እንደ ጀግና ነው የተሰማኝ። እንግዲህ በየመሀሉ አይብ ጣል አደርጋለሁ፣ እንቁላልም እመታበታለሁ እያልኩ ሳስብ ዋልኩ።

በማግስቱ መብራት መጣ። እውነተኛውን ቶፉ ሠርቼ አቀረብኩላት። «ደከመኝ» ብላ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች። በሚቀጥለውም ቀን እንዲሁ። በሽታው ጠንቶባት ነው ብዬ አንዴ በርበሬውን ስቀንስ አንዴ ስጨምር ሰነበትኩ። ሻይ ውስጥ ከነከረችው ዳቦ በቀር አፏ የሚገባ ነገር ጠፋ። ደጃፉ ላይ መቀመጥ ተወች።

ሆሳዕና አለፈና ሕማማት ገባ። ሰኞ ዕለት ሰሃኑን ይዤ አልጋዋ ጫፍ ተቀመጥኩ፤ አሁንም አንገቷን ነቀነቀች። ትዕግሥቴ አለቀ። «ሳትበዪ ልትሞቺብኝ ነው? ምን አድርጌሽ ነው? ያው የአኩሪ አተሩ ነው እኮ!»

«ያን ቀንም የአኩሪ አተር ነው ብለሽኝ ነበር።»

ድምጿ ውስጥ ቁጣ አልነበረም። ቁጣ ቢኖርበት እመርጥ ነበር። ሰሃኑን መሬት ላይ አስቀመጥኩ። ሮጬ ጥሬውን አኩሪ አተር በእፍኜ አመጣሁላት፤ በነጠላው ላይ የቀረውን አሰርም አሳየኋት። ዛሬ እውነቴን ነው፣ ያኔ አንድ ቀን ብቻ ነው ብዬ ማልኩላት። ፍሬዎቹን በጣቷ ነካ ነካ አደረገቻቸው።

«አተሩን አየሁት ልጄ። ሰሃን ላይ ያለውን ግን የሠራሽው አንቺ ነሽ።»

«ካህኑን ልጥራቸው። ኃጢአቱ የእኔ ነው ብዬ ልንገራቸው።»

«በሕማማት ማን ይፈታል? ሆሳዕና አለፈ።» እውነቷን ነው፤ በዚያ ሳምንት ካህኑ አይናዝዙም፣ መስቀልም አያሳልሙም።

«ካወቅሽው ለምን በላሽው ታዲያ?» አልኳት። እያለቀስኩ እሷኑ መውቀሴ አሁን ያሳፍረኛል።

«ሲቀርብ ሸተተኝ። ግን አንቺ አተር ነው አልሽ። አሁን አሁን እንግዲህ አፍንጫዬም ሞተ ብዬ ጎረስኩ። ሁለተኛውንም እንዲያው ጎረስኩ። በሦስተኛው ነው ያመንኩት።» ትንፋሿን ሰበሰበች። «እስከዚያ ድረስ የተጠራጠርኩት አፍንጫዬን ነው፤ አንቺን አይደለም።»

ረቡዕ ጠዋት አረፈች። በሕማማት ለሚሞት ሰው ፍትሐቱ በሆሳዕና ቀድሞ ለሁሉም ስለሚደረግ፣ በጸጥታ ቀበርናት። ሰው ሁሉ «ጾሟን ጠብቃ ሄደች፣ ታድላ» እያለ ያጽናናኛል። አንገቴን ደፍቼ «አሜን» እላለሁ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው ለእኔ ነው፤ ለዚህ ሁሉ ሰው ግን እንዴት ብዬ ልናገረው?

በሦስተኛው ቀን፣ በስቅለት ማታ፣ ድንኳኑ ውስጥ ለቀስተኛው ሽሮ በሚበላበት ሰዓት፣ ጎረቤቴ ከሰው ነጠል አድርጋ ጠራችኝ። ከነጠላዋ ሥር የተከደነ ሰሃን አውጥታ በሁለት እጇ ሰጠችኝ።

«ብዪ እንጂ፣ ሰውነትሽ አለቀ። አንቺ እንደሆነ አልጾምም ብለሽኛል» አለችኝ በሹክሹክታ።

ተቀብያት ቆምኩ። ክዳኑን ሳልከፍተው አይቡ ሸተተኝ።