የእናቴ ምረቃ

እናቴ ፊደል አልቆጠረችም፤ ተመርቃለች ግን። እኔ አስተማሪ ሆኜ ለመመረቅ ስንት ዓመት ተንገላትቻለሁ፤ ለእሷ አንድ ረፋድ በቅቷታል።

ስማዳ የምትኖረው እናቴ አባቴ ከሞተ ጀምሮ የሴፍቲኔት ስንዴ ተቀባይ ነበረች። አንድ ቀን፣ እርዳታው ምን ለውጥ እንዳመጣ የሚለካ ባለሙያ ከከተማ ይመጣል ተባለ። ራሱን ችሏል የተባለ ሰው "ይመረቃል"፤ በአማርኛ ሲፈታ፣ ስንዴው ይቀርበታል። ይህን እንደሰማሁ ከማስተምርበት ከንፋስ መውጫ ወደ እሷ ገሰገስሁ።

"እማዬ፣ ሲጠይቅሽ እውነቱን ተናገሪ። ከሰኔ ወዲያ ቤትሽ እህል እንደማይኖር ንገሪው" አልኋት።

"እሺ" አለችኝ። የእናቴ እሺ ትርጉሙ ዝም በይ ነው።

ባለሙያው ታብሌቱን ይዞ መጣ። ጨዋ ልጅ ነው፣ ክፉ አልናገርበትም። እናቴ እንግዳ ባዶ አፉን አይሄድም ብላ ያለቻትን አንዲት ዶሮ አረደችለት። ያቺ ዶሮ እንቁላሏ ተሽጦ ለቤቱ ጨውና ጋዝ የሚገዛባት ናት። ደሜ ፈላ፤ ግን እንግዳ ፊት ምን ይባላል?

ልጁ ወጡን እያጣጣመ ጠየቃት። "እናቴ፣ ባለፈው ወር የሚበሉት ያጡበት ቀን ነበር?"

"ኧረ ተመስገን፣ ምን ጎድሎብን።"

በእኛ አገር ለእንግዳ ጎደለብኝ ማለት እግዜርን ማማት ነው። ምግብ ቀርቦ ከሆነ ደግሞ የጎረሰውን እንደ ማስተፋት ይቆጠራል። ይህን የማያውቅ ሰው የለም፣ ታብሌቱ ካልሆነ በቀር።

"ሥጋስ መቼ መቼ ይበላሉ?"

"እንግዳ ሲመጣ።"

"እንግዳ ይበዛል?"

"ቤቱ የእግዜር ነው ልጄ፣ መች ይጠፋል።"

ልጁ ደስ ብሎት ታብሌቱን ነካ ነካ አደረገ። "ውሸቷን ነው" ብዬ ዘው አልሁ። እናቴ እንደዚያ ያለ ዓይን አሳይታኝ አታውቅም። "የከተማ ልጅ ሆናለች፣ አትስማት" አለችው። እሱም መልስ ከቤቱ ባለቤት ብቻ እንዲቀበል መታዘዙን በትሕትና ነገረኝ።

ምረቃው ቀበሌ ግቢ ሆነ። ኃላፊው የዓለም ኢኮኖሚ መቀዛቀዙን፣ የስንዴ ዋጋ ባሕር ማዶ መናሩን፣ ለጋሾችም ውጤት ማየት እንደሚሹ አስረዳ። "እኛም ዘንድ ንሯል እኮ" አለች አንዲት ሴት ከኋላ። ሰው ሳቀ፣ ኃላፊውም ሳቀ። ቀጥሎ "እነዚህ እናቶች ዛሬ ተመርቀዋል" ሲል እናቴ ራሷን ዝቅ አድርጋ፣ ሁለት እጇን ዘርግታ "አሜን" አለች። የሰማችው ምርቃት እንጂ ስንብት አልነበረም። ሌሎቹም ተከትለዋት "አሜን" አሉ። ካሜራ የያዘው ሰው አሜኑን ስለወደደው እንደገና አስባላቸው።

ሐምሌ ላይ ግማሽ ኩንታል ስንዴ አስጭኜ ወረድሁ። ያልተመረቁትም ስንዴው እንደቀረባቸው የሰማሁት ያኔ ነው፤ ለጋሾቹ እጃቸውን ሰብስበዋል አሉ። ስንት ልኬት፣ ስንት ጥያቄ፣ ለዚህ። ጆንያውን እንደፈታሁት እናቴ ቁና አምጥታ ለጎረቤታችን መስፈር ጀመረች።

"ይሄ እኮ ለአንቺ ነው!" አልኋት።

"እሷ አልተመረቀችም" አለችኝ፣ ነገሩ የማይገባኝ ሞኝ የሆንሁ ይመስል። "እርዳታ ጠባቂ ናት፣ ምስኪን። የተመረቀ ሰው ካልሰጣት ማን ይስጣት?"

ቁናውን ለመሸከም መቀነቷን ፈትታ እንደገና ታጠቀች። መቀነቱ ወገቧን ከአምናው አንድ ዙር ጨምሮ ዞራት። ቁናውን ተቀብያት እኔው ወሰድሁላት።