የመሪጌታ ሰይፈ ሥላሴ ቢጫ ጾም

ላሊበላ ውስጥ ሰው ቅዱስ ነው ተብሎ እስኪወራለት ድረስ ዕድሜ ይፈጅበታል። መሪጌታ ሰይፈ ሥላሴ ግን በአንድ ክረምት ደረሱበት። ያውም ሳያስቡት፣ ያውም ታመው።

ሥራቸው ማዜም ነው። ከልጅነታቸው ጀምሮ ሌላ የሚሆንላቸው ነገር የለም፤ ሚስማር ምቱ ቢሏቸው አውራ ጣታቸውን እንደሚመቱ ሚስታቸው አሰለች ለሰው ሁሉ ተናግራለች። ድምፃቸው ግን ሌላ ነው። ከደረታቸው ወፍሮ ይነሣና መጨረሻው ላይ እንደ ፈትል ቀጥኖ ሳይበጠስ ይቀራል። በገና ጠዋት ካህናቱ በቤተ ማርያም ለሁለት ተከፍለው ሲዘምሩ፣ ከላይ በአለቱ ጠርዝ የሚሰለፉት የመላእክት ምሳሌ ናቸው፤ ከታች ግቢው ውስጥ ያሉት ደግሞ የሰው። መሪጌታ ጢማቸው ሳያቀምቅም ጀምሮ ከላይ ነው የቆሙት። ከታች የሚመለስላቸው ዜማ ግን በየዓመቱ ያናድዳቸዋል። «ይጎትቱታል! ምነው፣ እንቅልፋቸውን አልጨረሱም እንዴ?» ይላሉ ከጠርዙ እየወረዱ። ማንም አይመልስላቸውም፤ ለምደውታል።

ነገሩ የጀመረው በፋሲካ ነው። ሁዳዴን እንደ ደንባቸው ጾመው፣ አሰለች ቅቤ ያጠገበችውን ወጥ ጎረሱና ብዙም ሳይቆዩ የቀኝ ጎናቸው ከጎድናቸው ሥር ጭምድድ አለ። ሕመሙ ወደ ትከሻቸው ወጣ፣ ላብ አጠመቃቸው። ሲመሽ ተዋቸው። ሌላ ቀን ፍስክ ቀመሱ፤ ተመልሶ መጣ። ሽሮ በሉ፤ ዝም አለ። የዜማ መምህር እንዲህ ያለ ምልክት አያመልጠውም፤ እግዜር «አትብላ» እያላቸው ነው።

ሌላ አገር ቢሆን ሰው ቅባት ሲበላ ካመመው ሐኪም ዘንድ ይሄዳል። ላስታ ውስጥ ግን መጀመሪያ የሚሞከር ሌላ ነገር አለ፤ መሪጌታም ጾሙን ቀጠሉበት። ከፋሲካ በኋላ ባሉት ሃምሳ ቀናት መጾም ክልክል መሆኑን ከማንም በላይ ያውቃሉ። ስለዚህ «ጾምኩ» አይሉም፤ «አልበላ አለኝ» ይላሉ። የሐዋርያት ጾም ሲገባ ደስ አላቸው። ፍልሰታ ስትመጣ ከሌላው ሰው ቀድመው ይዘዋት ነበር። ሕመሙም ተኛላቸው። ቀበቷቸው ግን አዲስ ቀዳዳ፣ ከዚያም ሌላ ቀዳዳ አስፈለገው።

በዚያ ክረምት ከሕልም ብዙም አልራቁም። ጉሙ ከሸለቆው ተነሥቶ ወደ አሸተን ማርያም ሲወጣ ከውስጡ ዜማ ይሰሙ ነበር፤ የራሳቸው ይሁን የሌላ አይለዩትም። እግራቸው ከተነሣ በኋላ ቆይቶ መሬት የሚረግጥ ይመስላቸዋል። ቆዳቸው ደግሞ ያሳክካቸው ጀመር፤ እከኩ ከውስጥ ነው፣ ጥፍር አይደርስበትም። ማንም የማያይ ሲመስላቸው ጀርባቸውን ከቤተ ክርስቲያኑ አለት ጥግ ላይ ያሻሻሉ። ያየ ሰው ግን አለቱን ተደግፈው የሚያለቅሱ መሰለው።

በዚህ መሐል ፊታቸው ቀስ በቀስ ቢጫ ሆነ። በአለት በተፈለፈለ ቤት ውስጥ፣ በጧፍ ብርሃን፣ ሰው ሁሉ ቢጫ ነው፤ የእሳቸው ግን ወርቅ መሰለ። «የመሪጌታ ፊት አብርቷል» ተባለ። ወሬው ተራራውን ወጥቶ ወረደ። እናቶች ልጆቻቸውን ያስነኳቸው፣ ሽማግሌዎች ጉልበታቸውን ይስሟቸው ጀመር። እሳቸውም «ተዉ እንጂ፣ ተዉ እንጂ» ይላሉ፤ ጉልበታቸውን ግን አይሰበስቡም። እውነቱን እንነጋገርና፣ ደስ ብሏቸው ነበር።

ይህን ሁሉ ያፈረሰችው አሰለች ናት። ጥቅምት ላይ፣ ሰማዩ ጥርት ባለ ጠዋት፣ ደጃፍ ተቀምጠው ፀሐይ ሲሞቁ አገጫቸውን ይዛ ወደ ብርሃኑ አዞረችው።

«አንቱ! ዓይንዎ ምን ሆኗል?»

«ምን ሆነ?»

«አስኳል መስሏል እኮ!»

«ጾም ነው» አሉ ረጋ ብለው።

«እኔም ጾሜያለሁ። የኔ ዓይን ነጭ ነው።»

ጎረቤት ተሰብስቦ አየና የወፍ በሽታ ነው አለ፤ የሌሊት ወፍ በላያቸው አልፋ ይሆናል፣ አለቱ ውስጥ ሞልታለች። መድኃኒት አዋቂ ተጠርቶ የሚመር ቅጠል ወቅጦ አጠጣቸው። ጠጥተው አስመለሱ። በማግስቱ ብርድ ብርድ አላቸው፤ ጋቢ ላይ ጋቢ ቢደረብም ጥርሳቸው ይንገጫገጫል፣ ገላቸው ግን እሳት ነው። አሰለች ማንንም ሳታማክር ባጃጅ ጠራች።

ሆስፒታል የተቀበላቸው ዶክተር ዘመኑ የኮን ልጅ ነው፤ ደጋ ያሳደገው፣ ቀስ ብሎ የሚናገር። ከሁሉ በፊት የሽንታቸውንና የሰገራቸውን መልክ ጠየቀ።

«ይሄ ይጠየቃል?» አሉ መሪጌታ።

«ሽንታቸው ጥቁር ጠላ ነው። ሰገራቸው ደግሞ ነጣ ያለ ጭቃ» አለች አሰለች።

መሪጌታ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ። ሐኪሙ ግን የሚፈልገውን እንዳገኘ ራሱን ነቀነቀ። ደም ወሰደ፣ ሆዳቸውን ቀዝቃዛ ነገር ቀብቶ በአልትራሳውንድ አየ፤ በግራጫው መስታወት ላይ አንድ ጥቁር መስመር ከሚገባው በላይ ሰፍቶ ይታያል።

«ይኸውልዎ የኔታ፣ ጉበት ሐሞት ይሠራል። ሐሞቱ በዚህች ቀጭን መስመር ወደ አንጀት ይወርዳል፤ ቅባት የሚፈጨው በእሱ ነው። ትርፉን የሚያጠራቅም ከረጢት አለ። እዚያ ከረጢት ውስጥ ጠጠር ሠርተዋል። ቅባት ሲበሉ ከረጢቱ ይጨመቃል፣ ጠጠሩ ይነሣል፣ ያምዎታል። ሲጾሙ ይተኛል። አሁን አንዱ ጠጠር ወርዶ መስመሩን ዘጋው። ሐሞቱ መሄጃ ሲያጣ ወደ ደምዎ ተመለሰ፤ ቢጫ ያደረገዎት፣ የሚያሳክክዎትም እሱ ነው። ትኩሳቱ ደግሞ የታቆረው ስለመረቀዘ ነው። ጾሙ ሕመሙን ደበቀብን እንጂ አላዳነዎትም።»

መሪጌታ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙት። ዲያቆን ሳሉ አንድ ሐምሌ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ በአለቱ የተቦረቦረው የውሃ መውረጃ ተዘግቶ ግቢው ኩሬ ሆኖ ነበር። እጃቸው ቀጭን ስለነበረ እሳቸው ተላኩ። በሆዳቸው ተኝተው እስከ ትከሻቸው አስገብተው አንድ ድንጋይ ሲያወጡ ውሃው እየጮኸ ሄደ።

«ገባኝ» አሉ። «ድንጋዩን ማን ያወጣዋል?»

«አዲስ አበባ ነው የሚሠራው። እዚህ በደም ሥር መድኃኒት ሰጥተን ትኩሳቱን እናበርድና እንልክዎታለን። ጫፉ ላይ ካሜራ ያለው ቀጭን ቱቦ ነው፤ በአፍ ገብቶ፣ በጉሮሮ አልፎ፣ ጨጓራን ተሻግሮ ከመስመሩ አፍ ይደርሳል። ከዚያ ጠጠሩን ይጎትቱታል። ሆድ አይከፈትም።»

«በየት አልፎ?»

«በጉሮሮ።»

የመሪጌታ እጅ ሳያዙት ወደ አንገታቸው ሄደ። «ሆዴን ቅደዱት» አሉ።

«የኔታ፣ በዚህ ድካም፣ በዚህ መግል ላይ ሆድ መክፈት አደጋ ነው። ቱቦው የሚያልፈው በምግቡ መንገድ ነው፤ የድምፁ በር ሌላ ነው። ትንሽ ይሻክርዎት ይሆናል፣ ይመለሳል።»

«ይሆናል ትላለህ። ሆዴ ምን ያደርግልኛል? ቅደዱት፣ ጉሮሮዬን ግን አትንኩብኝ።» ጥርስ አስነቅለው ሁለት ሳምንት ዝም ያሉ ሰው ናቸው፤ ፍርሃታቸው የሕፃን ፍርሃት ነበር፣ አላፈሩበትምም።

አሰለች እስከዚያ የጋቢያቸውን ጫፍ ታስተካክል ነበር። «እኔ የተዳርኩት ለሰው ነው» አለች ቀና ሳትል። «ለጉሮሮ አይደለም።»

ሄዱ። አዲስ አበባ ላይ ነርሷ ከዋዜማው ጀምሮ ምንም እንዳይቀምሱ ስትነግራቸው ከታመሙ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቁ። «ይሄን እንኳ ለኔ ተዉት፣ ልጄ» አሏት። በጎናቸው አስተኟቸው፣ ቱቦውን እንዳይነክሱ አፋቸው ውስጥ ጎማ አደረጉላቸው፣ በክንዳቸው የገባው መድኃኒት ሞቅ እያለ ወደ ላይ ወጣ።

ላሊበላ በአለቱ ሆድ ውስጥ ከአንዱ ቤተ ክርስቲያን ወደ ሌላው የሚያሻግር ጨለማ መተላለፊያ አለ፤ የሲኦል ምሳሌ ነው፣ ምእመን ያለ መብራት ግድግዳውን እየዳበሰ ያልፈዋል። መሪጌታ እዚያ ውስጥ ሆኑ። ድምፃቸው ከፊታቸው እየሄደ ነው፤ እያዜመ፣ እሳቸውን ሳይጠብቅ። ሊጠሩት አሰቡ፣ የሚጠሩበት ድምፅ ደግሞ እሱ ራሱ ነው። እጃቸው ግድግዳውን ሳተ። ጨለማው ግን አላስፈራቸውም፤ ለስለስ ያለ፣ ለብ ያለ ጨለማ ነበር። ቆመው ሰሙት፣ እስኪርቅ፣ እስኪጠፋ። ከዚያ የሆነ ቦታ ውሃ እየጮኸ ሲሄድ ሰሙና ነቁ።

ሐኪሙ ምስር የምታህል ጥቁር ቡናማ ጠጠር አሳያቸው። ያ ሁሉ ቅድስና ከእሷ ነው የወጣው። ከረጢቱ ደግሞ ሌላ ጠጠር እንዳይልክ ከጥምቀት በኋላ እዚያው ሆዳቸው ላይ በሚከፈቱ ትናንሽ ቀዳዳዎች ይወጣል ተብሎ ተቀጠሩ። ጉሮሯቸው ሻክሯል፤ ሲናገሩ ድምፃቸው ጭድ ላይ እንደሚሄድ እግር ነው።

አገራቸው ሲገቡ ዓይናቸው ነጭ፣ ፊታቸው ጠይም ነበር፤ እከኩም ትቷቸዋል። ጉልበታቸውን የሚስመው ሰው እየሳሳ ሄደና ጨርሶ ቀረ። አንድ ሁለት ቀን ጉልበታቸውን ዘርግተው ተቀምጠው፣ ማንም ሳይመጣ ሲቀር በራሳቸው ሳቁ። ያስጨነቃቸው ሌላው ነው። የንግግራቸው ሻካራነት ከለቀቀ በኋላ እንኳ አላዜሙም። ዶክተር ዘመኑ አይቶ «ጉሮሮዎ ደህና ነው፣ ይሞክሩት» አላቸው። አልሞከሩትም። ያልሞከሩት ነገር ገና አልጠፋም። አሰለች እህል ስትለቅም፣ እሳት ስታያይዝ፣ ጆሮዋ ወደሳቸው ነው፤ ከንፈራቸው ይላወሳል፣ ድምፅ የለም። የነቢያት ጾም በዚህ ዝምታ አለፈ።

የገና ጠዋት ካህናቱ ወደ አለቱ ጠርዝ ሲወጡ መሪጌታ አልተከተሏቸውም። ደክሞኛል አሉ። መቋሚያቸውን ይዘው ወደ ታች፣ ወደ ቤተ ማርያም ግቢ ወረዱና ለዓመታት ሲቆጧቸው ከኖሩት ጋር ቆሙ። እነሱም ጠጋ ጠጋ ብለው ቦታ ሰጧቸው። ግቢው፣ ደረጃው፣ ጠርዙ ሁሉ ነጭ ለባሽ ነው፤ አሰለች ከሴቶቹ ጋር በአለቱ ሥር ናት።

ከላይ ጀመሩ። መሪጌታ ሰይፈ ሥላሴ ያንን ዜማ ከታች ሰምተውት አያውቁም። ከጠርዙ ተነሥቶ ግድግዳውን ይዞ ይወርዳል፣ ከበሮው ይከተለዋል፣ ከሕዝቡ ትንፋሽ ጋር ይደባለቃል፤ ሰው ላይ ሲደርስ ልብ ያርዳል። ላዕላዮቹ ጨረሱ። የታችኞቹ ወዲያው አልተቀበሉም። መሪጌታም አልተቀበሉም። የመጨረሻው ድምፅ እስኪያርፍ ድረስ አፉን መክፈት የሚችል ሰው እዚያ አልነበረም። እየጎተቱት አልነበረም ለካ፤ እየሰሙ ነበር። እንባቸው መጣ። ስንት ዓመት ተቆጧቸው!

ከዚያ ሁሉም አንድ ላይ አነሣው፣ እሳቸውም ሳያስቡት አፋቸውን ከፈቱ። ወጣ። ድሮ እንደነበረው አልወፈረም፤ መነሻው ላይ ትንሽ ተሰነጠቀ። መጨረሻው ላይ ግን ቀጠነ፣ ቀጠነ፣ አልተበጠሰም።

ቤት ሲገቡ አሰለች ገበታ አቀረበች፤ ሐኪሙ እንዳዘዘው ቅባቱ ለስሙ ያህል ነው። ፊት ለፊታቸው ተቀመጠች።

«ከላይ ሲሆኑ ድምፅዎን ከሌላው ለይቼው አላውቅም ነበር» አለች። «ይሄን ሁሉ ዘመን፣ ሰው ሲያወራልኝ እሺ እላለሁ እንጂ አልለየውም። ዛሬ ሰማሁዎ።»

ጉርሻ ጠቅልላ ስትዘረጋላቸው መሪጌታ ጎናቸውን በግራ እጃቸው ደገፍ አድርገው፣ ፈራ ተባ እያሉ፣ ጎረሱላት።