የለተኪዳን ረቂቅ

ፒያሳ ፍሬም መሥራት ከጀመርኩ አሥራ ሁለት ዓመት ሆኖኝ ነበር። የሠርግ ፎቶ፣ የሥላሴ ሥዕል፣ የዲፕሎማ ወረቀት፤ ሁሉንም በሚሊሜትር ለክቼ አስገባለሁ። በሙያዬ የማላውቀው ነገር አለ ብዬ አላስብም ነበር።

በሰባ ሁለት ዓመተ ምሕረት ለተኪዳን የምትባል ወጣት ሠዓሊ አንድ ሸራ አመጣችልኝ። ቀይ፣ ጥቁር፣ መሐሉ ላይ እንደ ተደፋ አልጫ ያለ ቢጫ። ለቅዳሜ ዐውደ ርዕይ ነው፤ የመጀመሪያዋ ነው፤ ፍሬም የሌለውን ኮሚቴው አይቀበልም። ምን እንደሆነ ብጠይቃት «ረቂቅ ነው፣ ጋሽ ዘገዬ» አለችኝ።

ገባኝ። በማኅበራችን ቃለ ጉባኤ ረቂቅ ማለት ዋናው እስኪጻፍ የሚሰረዝ የሚደለዝ ወረቀት ነው። እንጨቱን ለክቼ ቆረጥኩና ዋናውን መጠበቅ ጀመርኩ። ጎረቤቴ ወርቅ ሠሪው ሙሄ ብቅ ብሎ፣ «ይቺ ልጅ ስላ ነው ወይስ ተደናቅፋ?» ሲለኝ እንደ ዐዋቂ ገሠጽኩት። ያላለቀ ሥራ አይተችም አልኩት።

ቅዳሜ ጠዋት ለተኪዳን ባዶ እጇን መጣች።

«የታለ ሥዕሌ?»

«ዋናውን አላመጣሽም እንዴ?»

ረቂቅ የሚባል የሥዕል ዓይነት መኖሩን የተማርኩት ዓይኗ እንባ ሲያቀርር ነው።

እንጨቱን በኮላ ገጠምኩ። ኮላው እስኪደርቅ አንድ ቀን ይፈልጋል፤ ጠርዙ ስስ ስለሆነ ሚስማር ይሰነጥቀዋል። በሲባጎ ጠፍሬ ቸርችል ጎዳናን በሩጫ ወረድን። ኮሚቴው ግን ጥቅል ዕቃ አንሰቅልም ብሎ ሲባጎውን አስፈታን። ማዕዘኖቹ መላቀቅ ሲጀምሩ፣ የሥራ ሽርጤን እንደለበስኩ የፍሬሙን ግራና ቀኝ በሁለት እጄ ጨምቄ ቆምኩ። የዐውደ ርዕዩ በር ለተመልካች ተከፈተ።

አንዲት ሴትዮ ለጓደኛዋ፣ ቀለሙ ባይገባትም ሰውየው ግን ነፍስ ያለው እንደሚመስል ነገረቻት። ላቤን ያየ ሌላ ሰው ደግሞ፣ ገና አልደረቀም አለ።

በመጨረሻ የኮሚቴው ሊቀመንበር አንድ ባለሥልጣን ይዞ መጣ። እንግዳው ቢጫውን አፍጥጦ አየና፣ ይሄ ለሰፊው ሕዝብ ምን ይጠቅማል ብሎ ጠየቀ። የለተኪዳን ሥዕል ሊወርድባት ነው። እንግዳው ግን ወደ ሽርጤ፣ ወደተዘረጋው ክንዴ ዞረ።

«ግልጽ ነው» አለ፤ «ሠርቶ አደሩ አብዮቱን ደግፎ ይዟል። እንዳለ ይቆይ።»

ሥዕሏ ተረፈ። ኮላው እሑድ ደርቋል። እኔ ግን «እንዳለ» በተባለው ውስጥ ስለነበርኩ፣ ሰኞንም ማክሰኞንም ሱቄን ዘግቼ እዚያው ሥዕሉ ሥር እጄን ዘርግቼ ዋልኩ።