ናቲ ሲነጫነጭ የቆጠርኳቸው ቀኖች

ዛሬ ጠዋት የድሮ ጎረቤታችን እትዬ አበራሽ አሁን ከሚኖሩበት ከኦምዱርማን ደውለው «ዶክተር ሰብለ፣ ልጅቷ ዳኸች» ሲሉኝ፣ ስልኩን ጆሮዬ ላይ እንደያዝኩ ሖሹን፣ ማለቴ ግቢያችንን፣ ሁለት ጊዜ ዞርኩት። ዶክተር አይደለሁም፤ ድሮ ለማሾፍ ያወጡልኝ ቅጽል ስም ነው። የዳኸችው የልጅ ልጃቸው ናት። ዘጠኝ ቀን ሙሉ ከእናቷ ክንድ አልወርድ ብላ፣ ሰው ሲያያት እየደነገጠች፣ እንቅልፍ እየነሳቻቸው ሰንብታ ነበር፤ ባለፈው ሳምንት ጨንቋቸው ሲደውሉልኝ ጤና ጣቢያ ወስደው እንዲያሳዩአት፣ ምንም ካልተገኘባት ደግሞ ድዷን ማንም ሳይነካ እንዲጠብቁ ለምኛቸው ነበር። ወስደው አሳይተዋት፣ ደህና ናት ተብለው፣ እሳቸውም እንደቃላቸው ጠበቁ። እና ዳኸች።

ስናወራ ከበስተኋላ ድምፅዋ ይሰማኝ ነበር፤ ለቅሶም አይባል፣ አፍንጫ ውስጥ ተጀምሮ ወደ ላይ የሚወጣ፣ መሃል ላይ ትንፋሽ የሚያጥረው «እህህ፣ እህህ» የሚል ምሬት ነው፤ አሁን የምታማርረው ልውረድና ልዳኽ ብላ ነው አሉኝ። ያን ድምፅ በሰማሁ ቁጥር ተመልሼ የዘጠኝ ዓመት ልጅ እሆናለሁ፤ ወንድሜ ናቲ ትከሻዬ ላይ ተለጥፎ አንገቴን በምራቁ እያረጠበው፣ ባሕሪ የሚባለው ሰፈር ያለችውን አንድ ክፍል ቤታችንን ከአልጋው እስከ በሩ፣ ከበሩ እስከ አልጋው ስመላለስባት ይታየኛል። አሁን አሥራ አራት ዓመቴ ነው፤ በአማርኛ ይህን ያህል ረጅም ነገር ስጽፍም የመጀመሪያዬ ነው፤ ግን ይህን ታሪክ ከእኔ አብልጦ የሚያውቀው ስለሌለ አልፈራሁም።

ናቲ የተወለደው በመስከረም መጀመሪያ፣ የዝናቡ ወራት ሊያልቅ ሲል ነው። መንገዳችን ጭቃ ብቻ ስለነበረ ሪክሻው ሖሹ በር ድረስ መግባት አቅቶት፣ አባዬ ሕፃኑን በፎጣ ጠቅልሎ ጡብ ለጡብ እየረገጠ ነበር ያስገባው። ቤታችን ውስጥ ያኔ ሁለት ቀን መቁጠሪያ ተሰቅሎ ነበር። አልጋው ራስጌ ያለው የሐበሻ ነው፤ ቤተ ክርስቲያን ከሚታደለው አንዱ ሲሆን የእማዬ ነበር፣ ጾምና በዓሉን የምታየው በእሱ ነው። በሩ አጠገብ ያለው ደግሞ የፈረንጁ ነው፤ አባዬ የሚበይድበት ጋራዥ ብረት የሚገዛበት ሱቅ ነበር የሰጠው፣ ሥራ የገባበትንና ያረፈበትን ቀን ምልክት የሚያደርገው እዚያ ላይ ነው። በሐበሻ ቤት ሁለት ቀን መቁጠሪያ መኖሩ እዚህ አገር ማንንም አይገርምም፤ ቤቱ ውስጥ በአንድ ቀን የሚስማማ ሰው ስለሌለ አንዱ ብቻ አይበቃም።

ብርዱ ገብቶ ሰሜን ነፋሱ የልብስ ማስጫውን ገመድ ማወዛወዝ ሲጀምር እማዬ ወደ ሥራዋ ተመለሰች። ከወንዙ ማዶ ሪያድ የሚባል ሰፈር አንድ ቪላ ውስጥ ምግብ ታበስል ነበር፤ ጠዋት ሐፍላ በሚሉት አውቶቡስ ተሳፍራ ድልድዩን ተሻግራ ትሄድና ወደ አሥር ሰዓት ትመለሳለች። ናቲን እስከ ቀትር እትዬ አበራሽ ይይዙት ነበር፣ እኔ ከትምህርት ቤት ስመለስ ከእሳቸው እቀበላለሁ። እማዬ ገና ጫማዋን ሳታወልቅ «እንዴት ዋለ?» ትለኛለች፤ እኔ ደግሞ «ደህና» ብዬ ሁሉንም እረሳለሁ። አባዬ መላ አለና፣ የተነጫነጨበትን ቀን በሩ አጠገብ ባለው በእሱ ቀን መቁጠሪያ ላይ በቀይ እርሳስ እንዳከብበው ነገረኝ፣ እጄ የሚደርሰው እሱ ላይ ብቻ ነበርና። እማዬ በበኩሏ ደስ ያላትን ነገር ራስጌዋ ባለው ላይ በሰማያዊ እስክሪብቶ ትጽፍ ነበር፤ ታኅሣሥ ላይ «ሳቀልኝ» የሚል አለ፣ ከተራ ዕለት «ተገለበጠ» የሚል አለ፣ መጋቢት ላይ «ብቻውን ተቀመጠ» ብላ ከሥሩ ሁለቴ አስምራበታለች። እንዲህ ሆኖ ለቅሶው በር ላይ፣ ደስታው ራስጌ ላይ ተለያይተው ተሰቀሉ፣ ማናችንም ጎን ለጎን አድርገን አይተናቸው አናውቅም።

ከዚያ ሙቀቱ መጣ። ግንቦት ላይ ትምህርት ቤት ተዘግቶ፣ የቆርቆሮው ጣሪያ ከጠዋት ጀምሮ እየተንጣጣ፣ ሃቡብ የሚሉት ነፋስ በተነሳ ቁጥር አቧራው ምራቃችን ውስጥ ድረስ እየገባ፣ ናቲም ስምንት ወሩን ሲይዝ ባሕርዩ ተለወጠብን። ከሁሉም ጋር ይስቅ የነበረ ልጅ እትዬ አበራሽን ሲያይ ፊቱን ይደብቅ ጀመር፤ እማዬ ውሃ ልትቀዳ እንኳ ብትነሳ ይጮኻል፤ ገንፎውን ይተፋል፤ ሌሊት ሦስት አራት ጊዜ ይነሳል። ትኩሳት የለውም፣ ተቅማጥ የለውም፣ ጡቱን እንደሆነ ይጠባል። እማዬ ጠዋት ልብሷን ይዞ አልለቅ ስላላት አንድ ሳምንት ውስጥ ሦስት ቀን አረፈደች፣ የቪላው እመቤትም አንድ ቀን በር ላይ ቆመው ሰዓታቸውን እያሳዩ እንደተቀበሏት ለአባዬ ስትነግረው ሰማሁ።

እትዬ አበራሽ ደግ ሰው ናቸው፣ ይህን ደግሜ ልጻፈው፤ ናቲን እንደ ልጃቸው ነበር የሚወዱት። አፉን ከፍተው በጣታቸው ድዱን ዳበሱና ነጭ ነገር አሳዩን። ግግ ነው አሉ። ግግ የሚሉት ገና ያልወጣው የወተት ጥርስ በድድ ውስጥ ነጥቶ ሲታይ ነው፤ የሚያስለቅሰው እሱ ነው ተብሎ ድዱ በስለት ተከፍቶ ይወጣል። ኦምዱርማን ውስጥ እጃቸው ቀላል ነው የሚባሉ አሮጊት ነበሩ፣ እትዬ አበራሽ የራሳቸውን ልጆች ሁሉ እንዲህ ነው ያሳደጉት። እማዬ ግን ታመነታ ነበር።

እዚህ ላይ ጥፋቱ የእኔ ነው። ሰው ሁሉ ሲጨነቅ እኔ የማውቀው ነገር አለ ብዬ፣ ሁለቱንም ቀን መቁጠሪያ አውርጄ ወለሉ ላይ ዘረጋኋቸውና ጮክ ብዬ ማንበብ ጀመርኩ። ጥር አሥር ተገለበጠ፤ ከአሥራ ሁለት እስከ አሥራ ሰባት አለቀሰ። መጋቢት ሰባት ተቀመጠ፤ ከዘጠኝ እስከ አሥራ አምስት አለቀሰ። የታኅሣሡም እንደዚያው ነው። አዲስ ነገር በሠራ በሁለተኛው ቀን ይጀምረዋል ብዬ፣ እንደ አስተማሪ ቀና ብዬ አየኋቸው። እትዬ አበራሽ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አደረጉ።

«ይኸው፣ ሕፃኗ እንኳ አየችው። አዲስ ነገር ባሳየ ቁጥር ዓይን እያረፈበት ነው። ዓይኑ ነው ወደ ግግ የወረደው» አሉ።

እማዬ አላመነታችም ከዚያ በኋላ። ዓርብ ሥራ ስለሌላት ዓርብ ጠዋት ወደ ኦምዱርማን ልትወስደው ወሰነች። እኔ ያን ጊዜ ነው የሆነው ነገር የገባኝ። ከእኛ ሖሽ ጥግ ያለችው ጎረቤት የልጇን ግግ አስወጥታ ስትመለስ አይቼ ነበር፤ አፉ አብጦ፣ ጡት እየያዘ እየለቀቀ፣ ስንት ቀን እንደዚያ እንደሆነ። ናቲ እንደዚያ ሊሆን ነው፣ ያስፈረድኩበት ደግሞ እኔ ነኝ። ሐሙስ ቀኑን ሙሉ ታቅፌው ዋልኩ፣ ሲጮህም አላስቀመጥኩትም፣ ክንዴ ሲደክም ግድግዳ ተደግፌ ያዝኩት።

ወደ ማታ አባዬ ከጋራዥ መጥቶ እጁን ታጥቦ፣ እንደልማዱ በሩ አጠገብ ቆሞ ነገ ምን ቀን እንደሆነ አየና «አሥራ ስምንት» አለ። እማዬ ለናቲ ልብስ እያጠፈች፣ ራስጌ ያለውን ሳታይ «ግንቦት አሥር፣ ዓርብ» አለችው። ሁለቱም ትክክል ነበሩ። ለዘጠኝ ዓመቴ ሁሉ ሲባባሉት የሰማሁት ነገር ነው፤ ያን ዕለት ግን ናቲን እንደታቀፍኩ ደርቄ ቀረሁ። አንድ ቀን ሆኖ ሁለት ቁጥር አለው። የፈረንጁ ወደ ፊት ቀድሞ ነው የሚቆጥረው። ታዲያ እኔ የለቅሶውን ቁጥር ከአንዱ፣ የደስታውን ከሌላው አምጥቼ እንዴት ነው ማን ቀደመ፣ ማን ተከተለ ያልኩት?

«እማዬ» አልኳት፣ «ከተራ ዕለት ናቲ ያለቅስ ነበር?»

«ከተራ ዕለትማ ሲስቅ ነው የዋለው። ነጠላዬን ዘርግቼ ሳስተካክል መሃሉ ላይ አይደል እንዴ የተገለበጠው?»

«አባዬ፣ ከተራ ባንተ ቀን መቁጠሪያ ስንት ላይ ነበር የዋለው?»

አባዬ ገጾቹን ወደ ኋላ ገልጦ፣ በብረት የጠቆረ ጣቱን እያስኬደ ቆየና በማግስቱ ጥምቀትን ያረፈበትን ምልክት አገኘ። አንድ ቀን ወደ ኋላ መለስ አለ። ከተራ አሥራ ስምንት ላይ ነበር። የእኔ ቀይ ክቦች ከአሥራ ሁለት ተነስተው አሥራ ሰባት ላይ ያልቃሉ።

«ለቅሶው ነው የቀደመው» አልኩ። «በለቅሶው ማግስት ነው የተገለበጠው።»

የመጋቢቱንም ቆጠርነው፣ የታኅሣሡንም። ስድስት ቀን፣ ሰባት ቀን፣ ስምንት ቀን ያለቅሳል፣ ከዚያ አንድ ጠዋት ይተወዋል፣ ትናንት የማይችለውን ነገር ይችላል። እማዬ መሬት ላይ ተቀምጣ ሁለቱን ወረቀቶች እያገላበጠች ራሷ እንደገና ቆጠረቻቸው። በመጨረሻ የናቲን ልብስ ከቦርሳው አውጥታ ቦታው መለሰችና፣ ይህ ዓርብ ይለፈው፣ እሷ ጤና ጣቢያ ታሳየዋለች፣ በሚቀጥለው ዓርብ እንዲሁ ከሆነ ግን ማንንም እንደማትሰማ ነገረችን። እትዬ አበራሽ ይህን ሲሰሙ ሳቁና «በሉ እንግዲህ፣ ዶክተራችን ተመርቃለች» አሉ። ቅጽል ስሙ የዚያን ቀን ወጣ።

ጤና ጣቢያ አፉን፣ ጆሮውን፣ ሆዱን አይተው ምንም የለበትም ብለው መለሱን። ቅዳሜም አለቀሰ። እሑድም አለቀሰ። ሰኞ ከሁሉም ባሰ፤ እትዬ አበራሽ እንኳ ማሾፉን ትተው አዘኑልኝ። ቀይ እርሳሴን እየቀረጽኩ እያከበብኩ፣ ሌሊት ሲነሳ አብሬ እየነቃሁ ዓርብን ስፈራ ሰነበትኩ።

ማክሰኞ ጠዋት እማዬ ናቲን ምንጣፉ ላይ አስቀምጣው፣ ቦርሳዋን አንስታ ወደ በሩ ሄደች። ጮኸ። እሷ ጀርባዋን ሰጥታ ጫማዋን ስታጠልቅ፣ በእጁ ወደ ፊት ተደፋ፣ በሆዱ አረፈ፣ ተነሳ፣ አንድ ጉልበቱን ሳበ፣ ከዚያ ሌላውን። ጩኸቱን አቆመ፣ ምክንያቱም ሥራ ነበረው። ምንጣፉን ጨርሶ ሲሚንቶው ላይ ወጣ፣ ሄዶ ሄዶ የቀሚሷን ጫፍ ያዘ። እማዬ ዞር ስትል እግሯ ሥር ነበር። አቀፈችውና ሖሹ መሃል ወጥታ «አበራሽ! መጣ እኮ፣ ተከትሎኝ መጣ!» ብላ ተጣራች። ያን ቀንም አረፈደች።

ብዙ ጊዜ የማስበው ይህን ነው። ናቲ ያን ሰሞን ታሞ አልነበረም፤ አንድ ትልቅ ነገር ገብቶት ነበር። እናቱ ተነስታ መሄድ እንደምትችል ነው የገባው፣ ስለዚህ አለቀሰ፤ ከዚያ ደግሞ መከተል እንደሚቻል ተማረ። መጀመሪያ ጭንቅላቱ ይደርሳል፣ እጅና እግሩ ኋላ ነው የሚደርሱት፤ መሃል ላይ ያለው ጊዜ ነው የሚያስለቅሰው። ሁሉም ለቅሶ ግን እንዲህ ነው አልልም፤ ዓመት ሳይሞላው አንድ ጊዜ በትኩሳት ጋለና ቀን ሳንቆጥር ያኔውኑ ሐኪም ቤት ሮጥን፣ ጆሮው ነበር።

አሁን ናቲ ኳስ ሲያጣ ብቻ ነው የሚያለቅሰው፣ የተነካ ድድ ስለሌለው ጥርሱ በረድፍ ወጥቶ ፖም ሲገምጥ ሖሹ ድረስ ይሰማል። በቤታችን አንድ ቀን መቁጠሪያ ብቻ ነው ያለው፣ እያንዳንዱ ሳጥን ውስጥ ሁለቱም ቁጥር ተጽፎበታል። ያኔ አልቃሹ እሱ ነበር፣ አሁን ተራው የእኔ መሰለኝ፤ ያለ ምክንያት ተቆጥቼ በሩን በኃይል ስዘጋው እማዬ እንደ ድሮው አትጮህብኝም፣ ከወጥ ቤት ሆና «ደግሞ ምን ልትችይ ነው?» ብቻ ትለኛለች። ባለፈው ሳምንት ሁለት ቀን ተኮራርፌ ነበር። ይኸው፣ ይህን ጻፍኩ።

ዓርብ ከሰዓት እማዬም እኔም ቤት ነን። ምክንያቱ ያልታወቀ ለቅሶ ያደከማችሁ፣ ጤና ጣቢያ አሳይታችሁ ደህና ነው የተባላችሁ፣ ወይም ዓርቡን ኦምዱርማን ልትሄዱ ቦርሳ ያዘጋጃችሁ ሁሉ፣ ያላ፣ ባሕሪ ኑ። ሕፃኑንም ይዛችሁ ኑ፣ ቢጮህ ማንም አይቆጣችሁም። ቀን መቁጠሪያችሁንም ይዛችሁ ኑ፣ ሁለት ካላችሁ ሁለቱንም፤ ቀዩን እርሳስ እኔ አቀርባለሁ።