ያላነበብኩት ስም

ባለፈው እሑድ የእህቴ ልጅ ሳባ ስትሪትሃም ካለው ቤቴ መጣችና ካፖርቷን እንኳ ሳታወልቅ ስልኳን አፍንጫዬ ሥር ደቀነችው። «ጋሼ፣ ይሄን እየው! ቡክ ላደርግ ነው።» መነጽሬን ስፈልግ ራሷ አነበበችልኝ። አሥራ ሁለት ሰው ብቻ፣ የቲቤት ገዳማት፣ ትልልቅ ተራሮች፣ ሐይቅ፣ ቁርስ ጭምር። ሳባ እዚሁ ለንደን ተወልዳ ያደገች ናት። አማርኛዋ ጥሩ ነው፤ «እርስዎ» የሚባለው ነገር ብቻ አልገባላትም፤ ለእኔም ለቄሱም «አንተ» ነው የምትለው። ከፎቶዎቹ አንዱ ላይ ነጭ ግድግዳ ነበር፤ ግድግዳው ላይ ኩበት ተለጥፎ ደርቋል።

«አውቀዋለሁ» አልኳት።

«ምኑን?»

«ቲቤትን ነዋ። ሄጃለሁ።»

ሳቀችብኝ። በእሷ ቤት እኔ ከብሪክስተን ገበያ አልፌ የማውቅ ሰው አይደለሁም። አልፈርድባትም፤ ነግሬያት አላውቅም። ሰው የሚያኮራውን ጉዞ ነው የሚያወራው፤ የእኔው ደግሞ ሆድ ይፍጀው ብዬ የያዝኩት ነው።

ነገሩ የሆነው በደርግ ጊዜ ነው፤ አሥረኛው የአብዮት በዓል ካለፈ አንድ ወይም ሁለት ዓመት ቢሆነው ነው። ሠላሳ ዓመት አልሞላኝም። በሱዳን በኩል ወጥቼ ለንደን የገባሁ ስደተኛ ነበርኩ፤ ብሪክስተን ውስጥ አልጋና ወንበር ብቻ የምታስገባ ክፍል ነበረችኝ። ሥራዬ ሰዎችን ሩቅ አገር እየወሰደ በሚያስጎበኝ ትንሽ ቢሮ ውስጥ ተላላኪነት ነበር። የሰው ፓስፖርት ተሸክሜ ከኤምባሲ ኤምባሲ እዞራለሁ፣ ቲኬት አደርሳለሁ፣ ሻይ አፈላለሁ። የራሱ ፓስፖርት የሌለው ሰው ለሌላው ቪዛ ሲያስመታ መዋሉ፣ ሳስበው አሁንም ያስቀኛል።

ወደ ቲቤት ከሚሄዱት ዘጠኝ መንገደኞች አንዱ እግሩ ተሰበረና ካንስል አደረገ። የቢሮው ኃላፊ ጠሩኝና «አንተ የተራራ አገር ሰው ነህ፤ የመድኃኒቱን ሣጥን ያዝና በእሱ ቦታ ሂድ» አሉኝ። በዚያች ሰማያዊ የስደተኛ ሰነዴ ቪዛ ማግኘቴ ራሱ ተአምር ነው። እኔም ተዘጋጀሁ። አውሮፕላኑ ውስጥ ጉራዬን ስነዛ ትዝ ይለኛል፤ የደብረ ብርሃን ልጅ ነኝ፣ ብርድና ዳገት ምን ያደርገኛል እያልኩ።

እግዜር ያሳያችሁ፣ የቲቤት ዋና ከተማ ላሳ በገባን ማግስት ራሴ በመጥረቢያ የተፈለጠ ይመስል ጀመር። ሚስ ዶረቲ የሚባሉ ጡረታ የወጡ አስተማሪ ነበሩ አብረውን፤ ሰባ ዓመታቸው ነው። እሳቸው የገዳሙን ደረጃ እንደ ፍየል ሲወጡት እኔ የመድኃኒቱን ሣጥን ታቅፌ በየአምስት እርምጃው እቀመጣለሁ። «ተራራ አገር ነው የተወለድከው ያልከን?» ይሉኛል ከላይ ሆነው። ምን እላለሁ? ለንደን ሰውነቴን አሰነፈው አልኳቸው።

አገሩ ግን ያምር ነበር፤ ይሄን አልክድም። ገብሱ የሚታጨድበት ወቅት ነው። ከከተማ ወጣ ስንል መንገዱ ግራና ቀኙ ቢጫ ነበር፤ ሴቶች እየዘፈኑ ያጭዳሉ፣ በሬዎች አውድማ ላይ ይዞራሉ፣ ከቤቱ ሁሉ የኩበት ጭስ ይወጣል። ጭሱ በአውቶቡሱ መስኮት ሲገባ ፈረንጆቹ አፍንጫቸውን ያዙ፤ እኔ ደግሞ መስኮቱን የበለጠ ከፈትኩት።

ደስታዬን የሚያበላሽብኝ አንድ ነገር ነበር። አስጎብኚያችን ሚስተር ዋንግ የሚባል ወጣት ቻይናዊ ነው፤ ትሑት፣ ፈገግተኛ፣ ንጹሕ ሸሚዝ የሚለብስ። ይህ ሰው ከእጁ የማትለይ ጥቁር ማስታወሻ ደብተር ነበረችው። ቁርስ ስንበላ ይጽፋል። ሚስ ዶረቲ ቀልድ ሲናገሩ ይጽፋል። እኔ ሳስነጥስ ሳይቀር የጻፈ ይመስለኝ ነበር። ሌሎቹ ልብም አላሉት። እኔ ግን ደብተሯ በተከፈተች ቁጥር ወንበሬን እቀይራለሁ።

ለምን? አዲስ አበባ ሃያ ዓመቴ ላይ ታደሰ የሚባል ጓደኛ ነበረኝ። አንድ ቀን የታጠፈ ወረቀት ሰጠኝና አውቶቡስ ፌርማታ ላይ ለሚጠብቅ ሰው እንዳቀብለው ለመነኝ። «ስሙን አትጠይቅ፣ ፊቱንም አትይ» አለኝ። «ያላወቅኸውን ቢገርፉህም አታወጣም።» እንዳለኝ አደረግኩ። ሳምንት ሳይሞላ ቀበሌ ወሰዱኝ። አሥራ አንድ ቀን ሙሉ እግሬን ሲገርፉኝ ጥያቄው አንድ ብቻ ነበር፤ «ወረቀቱን የተቀበለህ ሰው ስሙ ማን ነው?» አላውቅም። «መልኩስ?» አላውቅም። እውነቴን ስለነበር በመጨረሻ ሰለቻቸውና ለቀቁኝ። ታደሰ ግን በዚያው ቀረ። አለማወቅ እንዴት እንደሚያድን እኔ በእግሬ ነው የተማርኩት።

አራተኛው ቀን ረቡዕ ነበር። ከላሳ ግማሽ ቀን መንገድ ርቆ፣ ከዋናው መንገድ ገባ ያለ ትንሽ ገዳም ሄድን፤ ግማሹ ፈርሶ ግማሹ እየተጠገነ ነው። በሩ ጋ ስደርስ፣ ምን እንደነካኝ እንጃ፣ ጫማዬን አወለቅኩና መቃኑን ሳምኩ። የልጅነት ልማድ ነው፤ የቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ሳይሳም አይገባም። ከሳምኩ በኋላ ነው የሌላ ሃይማኖት ቤት መሆኑ ትዝ ያለኝ። እመቤቴ ማርያምን ይቅርታ ጠየቅኩና ዙሪያዬን ቃኘሁ። ፈረንጆቹ ፎቶ እያነሱ ስለነበር ማንም አላየኝም ብዬ ነበር።

ለካስ አንድ ሽማግሌ መነኩሴ አይተውኝ ኖሯል። ሌሎቹ ሚስተር ዋንግን ተከትለው ጣሪያው ላይ ሲወጡ እኔ ራሴን ይዤ ግቢው ውስጥ ፀሐይ ላይ ቁጭ አልኩ። ሽማግሌው መጡና አጠገቤ ተቀመጡ። የእንጨት ጽዋ ውስጥ ቅቤና ጨው የገባበት ሻይ ቀዱልኝ፤ ከዚያ ከከረጢት ዱቄት አውጥተው በሻዩ ለውሰው፣ በመዳፋቸው ጨብጠው አጎረሱኝ።

በሶ ነው! የተቆላ ገብስ፣ የእናቴ በሶ፣ በሶ ራሱ! «በሶ፣ በሶ» እያልኩ እንደ ሕፃን ሳቅኩ። እሳቸውም ጥርስ በሌለው ድዳቸው ሳቁ። ረቡዕ መሆኑን አልረሳሁም፤ ቅቤው እንደሚያስገድፈኝ አውቃለሁ። ከእንዲህ ያለ እጅ የመጣ ጉርሻ እንዴት ይመለሳል ብዬ በላሁት። ራስ ምታቴም ለቀቅ አደረገኝ።

መነኩሴው የተሰባበረ እንግሊዝኛ ነበራቸው፤ በልጅነታቸው ከህንድ ነጋዴዎች የለቀሙት መሰለኝ። ወደ በሩ አመለከቱ፣ ከዚያ ወደ ከንፈራቸው። ስስም አይተውኛል። ከዚያ እጃቸውን ብብታቸው ውስጥ ሰደው አንድ ፖስታ አወጡ፤ ጠርዙ በላብ የጠቆረ፣ ብዙ ጊዜ ብብት ውስጥ የከረመ ፖስታ ነው። በሁለት እጃቸው ዘረጉልኝ።

«እህት» አሉ። «ህንድ። ሃያ ዓመት በላይ። ወሬ የለም። አንተ፣ ለንደን፣ ፖስታ ቤት።»

ከዚያው ለምን እንደማይልኩት አልጠየቅኩም። እንዲህ ያለው ነገር ለእኔ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ቀና ስል ሚስተር ዋንግ ደረጃው አናት ላይ ቆሟል፤ ደብተሯ በእጁ ናት።

እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል። ፖስታው ላይ በእንግሊዝኛ የተጻፈ ስምና አድራሻ እንዳለ ቀለሙ ብቻ ታየኝ፤ ቶሎ ዓይኔን ወደ መሬት ሰበርኩት። እጆቼን ወደ ኋላዬ ደበቅኩ። «ኖ!» አልኩ። ዛሬም የሚያቃጥለኝ ጮክ ብዬ ማለቴ ነው። ለሽማግሌው ቢሆን በሹክሹክታ ይበቃ ነበር፤ እኔ ግን ደረጃው ላይ ያለው ሰው እንዲሰማልኝ ነበር የጮህኩት።

መነኩሴው አልተቆጡም። ፖስታውን አጥፈው ብብታቸው ውስጥ መለሱት፤ እንዳላስቸግርህ እንደ ማለት አንገታቸውን ደፋ አደረጉና ሻይ ጨመሩልኝ። ልንሄድ ስንል ደግሞ አንድ ከረጢት በሶ ለመንገዴ ሰጡኝ። በሶውን ተቀበልኩ። አያችሁ ጉዴን? ደብዳቤውን እምቢ ብዬ በሶውን ተቀበልኩ።

ስንመለስ አውቶቡሱ ውስጥ ከረጢቱ ጭኔ ላይ ነበር። ያኔ ነው እናቴ ትዝ ያለችኝ። በዚያ ዘመን የእናቴ ደብዳቤ በፖስታ ቤት ሲመጣ ተከፍቶ ነው የሚደርሰኝ፤ እሷም ይህን ስለምታውቅ «ሁላችንም ደኅና ነን» ከማለት አታልፍም። እውነተኛው ደብዳቤ በሰው እጅ ነበር የሚመጣው። ወንድሜ ከእስር መፈታቱን ያወቅኩት አንዲት ህንዳዊት አስተማሪ ከአዲስ አበባ በሽሮ ከረጢት ውስጥ ደብቃ ባመጣችው ደብዳቤ ነው። አታውቀኝም። ከእናቴ ጋር የተዋወቁት ገበያ ላይ ነው። አገሯ ስትመለስ በለንደን አልፋ፣ በዝናብ ብሪክስተን ድረስ በአውቶቡስ መጥታ፣ በሬን አንኳኩታ ሰጠችኝ። ሻይ እንኳ ሳትጠጣ ሄደች። እኔ እንግዲህ በእንዲህ ያለ ሰው ደግነት የኖርኩ ሰው ነኝ።

በመጨረሻው ቀን አውሮፕላን ማረፊያው ውስጥ ስንጠብቅ ሚስተር ዋንግ አጠገቤ ተቀመጠና ደብተሯን ገለጠልኝ። ደርቄ ቀረሁ። ገጹ ሙሉ የእንግሊዝኛ ቃላት ነበር፤ ከእኛ አፍ የለቀማቸው። እንግሊዝኛዬን ለማሻሻል ነው አለኝ አፍሮ፤ ሚስ ዶረቲ የተናገሩትን አንድ ቀልድ ትርጉሙን ጠየቀኝ። አስረዳሁት። ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ ወደ መስኮቱ እያየ፣ «ሽማግሌውን ለምን ኖ አልካቸው?» አለኝ። «እኔ እኮ ተራራውን ነበር የማየው።»

ስማቸውን ያውቅ እንደሆነ ጠየቅኩት። ሽማግሌ መነኩሴ ብዙ ነው አለ። ጥሪው ተሰማ፤ ተነሳን።

ለንደን ስመለስ የነፍስ አባቴ ዘንድ ሄጄ ረቡዕ ቀን ቅቤ መብላቴን ተናዘዝኩ። ሳቁና አርባ ስግደት ሰጡኝ፤ ሰገድኩ። ደብዳቤውን ግን አልተናዘዝኩም። አፌ ላይ ደርሶ ተመለሰ።

ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ ደርግም ወድቆ፣ ሼፈርድስ ቡሽ ከገበያው ጀርባ አንድ አዳራሽ ውስጥ የቲቤት ስደተኞች ባዛር እንዳለ ወረቀት ተለጥፎ አየሁና ገባሁ። የሱፍ ኮፍያ የምትሸጥ አሮጊት ነበረች። ጨነቀኝና ሁሉንም ዘረገፍኩላት፤ ገዳሙን፣ መነኩሴውን፣ ህንድ ያለችውን እህት።

«እህትየዋ ስሟ ማን ነው?» አለችኝ።

«አላውቅም።»

«የእሱስ?»

«አላውቅም።»

የያዘችውን ግራጫ ኮፍያ ጠረጴዛው ላይ አኖረች። «እኔም ወንድሜን እዚያ ትቼ ነው በህንድ በኩል የወጣሁት» አለች። «ያኔ መነኩሴ አልነበረም። አሁን ግን ማን ያውቃል?» ፊቴን አተኩራ አየችኝ። «የግራ ጆሮው ጫፍ የተቆረጠ ነበር?»

እጃቸውን አስታውሳለሁ። ጥፍራቸው ውስጥ የገባው የገብስ ዱቄት ዛሬም ይታየኛል። ጆሯቸው ግን አእምሮዬን ብጨምቀው ብጨምቀው አልመጣልኝም።

ይህን ሁሉ ለሳባ ስነግራት ሻዩ በረደ። «ጋሼ፣ ፈርተህ ነው እኮ» አለችኝ፣ ክንዴን ይዛ። እንዲህ እንደምትለኝ አውቅ ነበር። ሰው ቶሎ ይምራል። ግን እኔ አንድ ነገር አውቃለሁ፤ ፖስታውን መቀበል ቢያስፈራ፣ ስሙን ማንበብ ምን ያስፈራ ነበር? ዓይን ማሳረፍ ብቻ ነበር። ስሙን ብይዝ ኖሮ ለንደን ገብቼ በራሴ እጅ እጽፍ ነበር፤ ወንድምሽ በሕይወት አለ፣ በሶ አጉርሶኛል ብዬ።

«ምን ላምጣልህ?» አለችኝ ስትነሳ።

«ምንም። ሽማግሌ መነኩሴ ካገኘሽ ስማቸውን ጠይቂልኝ።»

«የትኛውን?»

«ያገኘሻቸውን ሁሉ።»

ስልኳ ላይ ጻፈችው። ከሄደች በኋላ ያንን ግራጫ ኮፍያ ከመሳቢያው አወጣሁት። ቀበሌ ውስጥ አሥራ አንድ ቀን «አላውቅም» ያልኩት እውነቴን ነበር፤ ስኮራበት ኖሬአለሁ። ለዚያች ሴትዮም «አላውቅም» ያልኳት እውነቴን ነው። እሷ ግን አልገረፈችኝም። ኮፍያውን በወረቀት ጠቅልላ ሰጠችኝና «ውጭ ይበርዳል፣ አድርገው» አለችኝ።