የአባቴ ፊት ሲያበራ

አባቴ ኦቦ ኤጄታ ዕድሜውን የገፋው ጭልሞ ጫካ ውስጥ ነው። የደን ጥበቃ ነበር። ጽድ የሚቆርጥ ሌባ ሲያገኝ እንኳ አይጮህም። አጠገቡ ሄዶ ቁጭ ይላል፤ ዝም ብሎ ያየዋል። ሰውየው ራሱ አፍሮ መጥረቢያውን ያነሳና ይሄዳል። እኔ ብሆን በዚያው መጥረቢያ ነበር የማባርረው! አመሌ በእናቴ የወጣ ነው ይሉኛል፤ አልክድም።

ልጅ ሆኜ ጉሙ ሳይነሳ ይዞኝ ይገባ ነበር። አንድ ትልቅ ዝግባ ጋ ያቆመኝና ጆሮዬን ግንዱ ላይ ያስለጥፈኛል። «ኢንታላ ኮ፣ ውሃው ወደ ላይ ሲወጣ ይሰማሻል?» ኢንታላ ኮ ልጄ ማለቱ ነው፤ እስከ ዛሬ እንዲህ ነው የሚጠራኝ። ምንም አይሰማኝም፤ ግን «አዎ» እለዋለሁ። ከዚያ ቆሜ፣ ዛፉን በጉንጬ ተደግፌ፣ ዓይኔ ክድን ክድን ይላል። ያን ጊዜ ነቅቼ ይሁን ተኝቼ ዛሬም አላውቅም።

ያው ጫካ ታዲያ ጎረምሳ ሳለ ጎድቶታል። የወደቀ ግንድ ጎኑን መትቶት አንድ ኩላሊቱ ወጥቷል። በቀረችው አንዷ እኔን ወልዶ፣ አሳድጎ፣ ጡረታ ወጣ። ዛፉን ሲወቅስ ሰምቼው አላውቅም። «እሱም ወድቋል እኮ» ይላል።

ባለፈው ዓመት መስከረም ሲያልቅ ሽንቱ ደም ቀላቀለ። ዶክተሩ እጢ እንዳይሆን ፈራና አምቦ ሄዶ ሲቲ ስካን ይነሳ አለ፣ በኮንትራስት። ኮንትራስት በደም ሥር የሚሰጥ መድኃኒት ነው። ውስጡ አዮዲን ስላለ ደም ሥሩና ኩላሊቱ በፎቶው ላይ ነጭ ሆነው ይታያሉ። ሥራውን ሲጨርስ የሚወጣው ደግሞ በዚያው በኩላሊት ነው። «ጠዋት ምግብ እንዳይቀምስ። ውሃ ግን ከዋዜማው ጀምሮ በደንብ ይጠጣ» አለኝ ዶክተሩ። «በደረቀ ሰውነት ላይ ከገባ ኩላሊት ሊጎዳ ይችላል፤ እሱ ደግሞ ያለው አንድ ነው።» እኔ አስተማሪ ነኝ፤ ለተማሪዎቼ እንደማደርገው ደጋግሜ ነገርኩት። «እሺ» አለኝ። የአባቴ «እሺ» ግን ጆሮ ዳባ ልበስ ማለት ሊሆን እንደሚችል ማወቅ ነበረብኝ።

እዚህ ላይ ስለ ራሴም ትንሽ ልበል፣ አለዚያ ነገሩ አይገባም። ድሮ እኔ ስስቅ ጎረቤት ያለ ዶሮ ይበረግግ ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት ግን የወለድኳት ልጅ ሳታለቅስ ቀረች። ስም እንኳ አላወጣሁላትም። ከዚያ ወዲህ ሳቄ የት እንደገባ አላውቅም። ሰው ሲቀልድ ከአንገት በላይ ፈገግ እላለሁ፤ የቤተ ክርስቲያኑን ኳየርም ተውኩ። ባሌም አባቴም አንድ ቀን «ለምን?» ብለውኝ አያውቁም። ሆድ ይፍጀው ብዬ እኖር ነበር።

ሐሙስ ማለዳ ከጊንጪ ሚኒባስ ያዝን። መንገዱ በጉም ተሸፍኖ፣ ጤፉ በሁለቱም በኩል ሳይታይ እየሸተተን እንሄዳለን። አባቴ ጋቢውን ተከናንቦ መስኮት ጋ ተቀምጧል። ፊቱ ያበራል። ቫዝሊን ግንባሩ ላይ፣ ጉንጩ ላይ፣ ከንፈሩ ላይ። «ዛሬማ ሙሽራ መስለሃል» አልኩት። ሳቅ አለና ዓይኑን ጨፈነ። ለሐኪም ያማረ መስሎኝ ደስ አለኝ፣ ሞኟ!

ምርመራ ቤቱ ውስጥ የተቀበለችን ሲስተር መቲ ነበረች፣ ቀጠን ያለች፣ ድምፅዋ ለስላሳ። «አካም ቡልተኒ፣ እንዴት አደሩ ኦቦ ኤጄታ?» ብላ አልጋ ላይ አስጋድማ ክንዱን ያዘች። መርፌ ልትተክል ደም ሥር ፈለገች። አጣች። ሌላውን ክንድ አየች፣ እዚያም አጣች። ከዚያ ቀና ብላ ፊቱን ለረጅም ጊዜ ተመለከተች።

«የእኔም አባት ሽማግሌ ነበር፣ የቤተ ክርስቲያን» አለች ቀስ ብላ። «ውሃ እንኳ የማይቀመስበትን ደረቅ ጾም ሲይዝ ሰው እንዳያውቅበት ፊቱን እንዲህ በቫዝሊን ያበራው ነበር። ኦቦ ኤጄታ፣ ከመቼ ጀምሮ ነው ውሃ ያልጠጡት?»

አባቴ ጣሪያውን አየ። ጾምን በስውር መጾም ነው እኛ ዘንድ ደንቡ፤ ከተናገሩት ዋጋ የለውም ይላሉ። ውሸትም አይናገርም።

«አባ!»

«ከማክሰኞ» አለ።

ደሜ ፈላ። «አንተ ሰውዬ! ውሃ ጠጣ እያልኩህ? አንዲት ኩላሊት ይዘህ? ልትገድለኝ ነው?» ኮሪደሩ ሁሉ ሰማኝ። ይስማ!

«ዶክተሩ ምግብ አትቅመስ ብሏል። አልቀመስኩም» አለ፣ እንደ ልጅ።

መቲ ወጥታ ሐኪሙን አማክራ ተመለሰች። አሁን በዚህ ሁኔታ መድኃኒቱን አትሰጥም። ውሃ ይጠጣ፣ ግሉኮስ ይሰቀልለት፣ ኩላሊቱ በደም ይመርመርና ከሰዓት በኋላ ይታያል። አባቴ ግን ራሱን ነቀነቀ። «ጾሜ እስከ ነገ ነው። የያዝኩት በሰው ፊት አይደለም፣ ለሰው ብዬ አልፈታውም።»

«ኩላሊቴን ፈውስልኝ ብለህ ኩላሊትህን ስታጠፋ እግዚአብሔር ምን ይልሃል?» አልኩት።

«ለኩላሊቴማ ሐኪም አለ።»

«ታዲያ ለማን ነው?»

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። መቲ የሆነ ነገር የረሳች መስላ ወጣች።

«ለሳቅሽ» አለ።

ያ ሁሉ ቁጣዬ የት እንደሄደ እንጃ። አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀመጥኩ። ሁለት ዓመት ሙሉ ማንም ያላየብኝ መስሎኝ ነበር። ለካስ አባቴ እየጾመ፣ ፊቱን እያበራ በአጠገቤ ሲመላለስ ኖሯል። ስንት ጊዜ ሙሽራ መስለሃል ብዬው ይሆን? አልቅሼ፣ በነጠላዬ ፊቴን ጠርጌ፣ ብርጭቆ ውሃ ቀዳሁ።

«አባ፣ ጾሙ ለእኔ የተያዘ ከሆነ ባለቤቱ እኔ ነኝ። ፈትቼልሃለሁ። ጠጣ።»

አየኝ። ብዙ አየኝ። ከዚያ ብርጭቆውን በሁለት እጁ ተቀብሎ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ትንሽ ከንፈሩን አንቀሳቀሰና ጠጣ። ጨመርኩለት፣ ጠጣ። መቲ ተመልሳ ገብታ፣ ከእጁ ጀርባ አንዲት ቀጭን ደም ሥር ፈልጋ ግሉኮሱን ሰቀለች።

ከዚያ በኋላ ያለው ሰዓት እንደ ሕልም ነው። ጠብታው ይወርዳል፤ መጋረጃው በነፋስ ይነፋል፣ ይመለሳል። አባቴ በእንቅልፍና በወሬ መካከል ይመላለሳል። «ይህ አዮዲን የምትሉት ከየት ነው የሚመጣው?» ይላታል መቲን። «ጨው ውስጥ የሚጨመረው ዓይነት ነው። ባህርም ውስጥ አለ» ትለዋለች። «ባህር አይቼ አላውቅም» ይላል። ዓይኑን ይጨፍናል። ቆይቶ፣ «ጭልሞ ጠዋት ጠዋት ጉሙ ሲተኛ ባህር ይመስል ይሆናል» ይላል። እኔም ራሴን አልጋው ላይ ሳስደግፍ ጆሮዬ ክንዱ ላይ አረፈ። ምን ልበላችሁ፣ ውሃው ሲሄድ የሰማሁ መሰለኝ። ዝግባው ጋ የቆምኩ፣ ጉሙ ያልተነሳ፣ እናቴም ከሩቅ የምትጠራን መሰለኝ።

ከሰዓት በኋላ የደሙ ውጤት ደህና ሆኖ መጣ። ለመድኃኒቱ የሚሆን ወፈር ያለ ደም ሥርም ተገኘ። መቲ ጆሮው ሥር ጎንበስ ብላ፣ «መድኃኒቱ ሲገባ ሰውነትዎን ሙቀት ይወረዋል። ሽንት ያመለጠዎት ይመስልዎታል፤ እውነት አይደለም፣ አይደንግጡ» አለችው። «እሺ» አላት። ያንኑ «እሺ»!

በመስታወቱ አሻግሬ አየሁት። የማሽኑ ነጭ ቀለበት ውስጥ ገባ፣ ወጣ፣ እንደገና ገባ። ማሽኑ ያን ጊዜ ያየው እጢ ሳይሆን ጠጠር እንደነበር ያወቅነው በኋላ ነው። እዚያ ቆሜ ግን የማውቀው ነገር አልነበረም። ከንፈሬን ነክሼ «አደራህን፣ አደራህን» እላለሁ፣ እኔ መጸለይ ያቆምኩት ሴትዮ።

በሩ ተከፈተ። አባቴ ወጣ። ጋቢውን ወገቡ ላይ ጠምጥሞታል፤ ጭኑን ገጥሞ በአጭር በአጭሩ እየተራመደ፣ ፊቱን ግን እንደ ትልቅ ሰው ኮስተር አድርጎ ይመጣል። ኮሪደሩ በሰው ሞልቷል። አጠገቤ ሲደርስ በሹክሹክታ፣

«ኢንታላ ኮ፣ ከፊቴ ቁሚልኝ።»

«ምን ሆንክ አባ? አመመህ?»

«ጉድ ሆኛለሁ። ያ ሁሉ ውሃ…» ዙሪያውን ገልመጥ አለ። «በሰው አልጋ ላይ! በዚህ ዕድሜዬ! ያጠጣሽኝ አንቺ ነሽ!»

ጋቢውን ገለጥ አድርጌ አየሁ። ሱሪው ደረቅ ነው፣ እንደ ጥር መንገድ ደረቅ።

«አባ፣ ምንም የለም።»

«አትሸፍኚልኝ፣ ይሞቀኛል እኮ!»

ከሆዴ ሥር የሆነ ነገር ተነሳ። መጀመሪያ ልቅሶ መስሎኝ አፌን ያዝኩ። አልተያዘም። ፈነዳ! ያ የድሮው፣ ዶሮ የሚያስበረግገው። ግድግዳውን ተደግፌ፣ እንባዬ እየወረደ፣ ትንፋሽ አጥሮኝ ሳቅኩ። ወረፋ የሚጠብቁት ሰዎች ዞሩ፤ አንዲት ሴትዮ ምን እንደሆነ ሳታውቅ አብራኝ ሳቀች። መቲ በሩ ላይ ቆማ በመዳፏ አፏን ይዛለች።

አባቴ ብቻ አልሳቀም። ጋቢውን ከወገቡ ላይ ለቀቀው። ቫዝሊኑ በእንቅልፍ ተጠራርጎ አልቋል፤ ፊቱ ግን እንዳበራ ነው።

«እስከ ነገ ነበር የያዝኩት» አለ። «እግዚአብሔር ግን እስከ ነገ አልጠበቀም።»