የሐይቅ ማር በኦስሎ ጉምሩክ

መስከረም 2006 ዓ.ም. ከወሎ ሐይቅ ከተማ ተነስቼ ኦስሎ ድረስ የሄድኩት ለሽርሽር አይደለም። የማኅበራችን ማር እዚያ ጉምሩክ ተይዞ ሦስተኛ ሳምንቱን ይዞ ነበር። አስመጪዋ፣ ኦስሎ የምትኖረው የአክስቴ ልጅ ዘይነባ፣ በስልክ «ቀረጡ ከማሩ ዋጋ አይተናነስም፤ እንዲህ ከሆነ ሁለተኛ አላዝም» አለችኝ። ንብ አናቢዎቻችን ደግሞ ከእሷ ሌላ የውጭ ገዢ የላቸውም። የማኅበሩ ጸሐፊ ነኝና ፈረንጆቹን ልከራከር ቆርጬ ተነሳሁ።

ወደ ቬስትሊ

ዘይነባ ከማር ንግዷ ጎን ለጎን አውቶቡስ ስለምትነዳ ሥራ ላይ ነበረች። የተቀበለችኝ እዚያው የተወለደችው ልጇ ሐናን ናት፤ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ። ቤታቸው ቬስትሊ፣ ሜትሮው የሚያበቃበት ነው። መንገድ ላይ ሮመን የሚባል ጣቢያ ወርደን ዳቦና አይብ ልንገዛ ሱቅ ገባን። የውጭው አይብ ዋጋ ያስደነግጣል።

«ይሄ ሁሉ ቀረጥ ነው?» አልኳት።

«ያ፣ አዎ፤ የኖርዌይን ገበሬ ለመጠበቅ ነው። ሰው ግን ቅዳሜ ቅዳሜ ስዊድን ሄዶ ሥጋና አይብ ጭኖ ይመጣል፣ አጎቴ።»

ሳቅኩ። ደግሞስ እኛ ከተማ ሐይቅ የውጭ ማር ቢራገፍብን እኔም «ቀረጥ ጣሉልን» ብዬ መጮኼ አይቀርም።

ጉምሩክ

በማግስቱ ሦስታችንም ሄድን። ያዘጋጀሁትን ንግግር ሳልጨርስ ሠራተኛዋ አንዱን የማር ጠርሙስ አዙራ ጽሑፉን አሳየችን፤ «ዱባይ የታሸገ» ይላል።

«ከኢትዮጵያ በቀጥታ ቢመጣ ቀረጡ ኑል ነው ትላለች» አለች ሐናን። «ዜሮ። ለድሃ አገሮች ነፃ ነው። ይሄ ግን ሌላ አገር ተከፍቶ እንደገና ታሽጓል፤ የስሪት አገር ማረጋገጫም የለውም።»

ዘይነባ ወደኔ ዞረች። «ዱባይ ምን ሊሠራ ሄደ?»

የላክሁት እኔ ነኝ። ማሩን የምናሽግበት የፕላስቲክ ባልዲ አውሮፓ ያሳፍረናል ብዬ፣ ዱባይ ያለው የእህቴ ልጅ ባማረ ጠርሙስ እንዲገለብጠው አድርጌ ነበር። ለማንም አልተናገርኩም። አሁን ስናዘዝ አፈርኩ፤ ቀና ብዬ ላያት አልቻልኩም።

«ይሄን ቀረጡን ከፍዬ ያለ ትርፍ እሸጠዋለሁ» አለች ዘይነባ። «ቀጣዩን በባልዲው ላክልኝ። በቀጥታ፣ ከነወረቀቱ።»

ሐይቅ

እንደተመለስኩ ማኅበሩን ሰብስቤ ምንም ሳልደብቅ ተናገርኩ። የሰው አገር ቀረጥ አጥር ነው ብዬ ስራገም ከርሜ፣ ለኛ በር እንዳለው አንድ ቀን እንኳ አለመጠየቄን ነገርኳቸው። አንጋፋው ንብ አናቢ አቶ ይመር ትክ ብለው አዩኝ።

«በሩ ክፍት ነበር እያልከን ነው?»

«አዎ።»

«አሁንስ?»

«አሁንም ክፍት ነው።»

ጋቢያቸውን አስተካክለው ብድግ አሉ። «ታዲያ ምን ያስቀምጠናል? ማሩ ደርሷል፤ እንሂድና እንቁረጥ።»